የልጅ ስም ትርጉም እንዴት ይጣራል? ከ«ማለት ነው» በፊት የሚሠራ ሥራ

«ምርጥ የልጅ ስሞች ከነትርጉማቸው» ብላችሁ ስልካችሁ ላይ ጻፉ። ዝርዝሩ ይዘረገፋል። ግማሹ «የእግዚአብሔር ስጦታ» ነው። የቀረው «ውብ»፣ «ብርሃን» እና «ንግሥት» ይባላል። አንዱ ከሌላው ገልብጦ ስለሚጽፍ፣ ያንኑ ትርጉም አሥር ቦታ ብታዩትም ያያችሁት አንድ ምስክር ነው።

ይህ መመሪያ ስም ለመምረጥ አይደለም። የወደዳችሁት ስም የተባለውን ትርጉም በእርግጥ መያዙን ለማጣራት ነው። ቅደም ተከተሉን አትዝለሉ፤ መጀመሪያ ፊደሉ፣ ቀጥሎ ቋንቋው፣ ከዚያ መዝገበ ቃላቱ፣ በመጨረሻ ሰዉ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው ከትርጉሙ ስለሚጀምር ነው።

ጊዜያችሁንም እወቁ። ሙስሊም ቤተሰብ ዐቂቃውን (ልጅ ሲወለድ የሚታረደውን እርድ) የሚያወጣው በሰባተኛው ቀን ነው። ኦርቶዶክስ ከሆናችሁ ክርስትናው ለወንድ በ40፣ ለሴት በ80 ቀን ነው፤ ያኔ የሚሰጠው የክርስትና ስም ደግሞ ከቤት ስሙ የተለየ ነው። በመንግሥት በኩል በ2004 ዓ.ም. የወጣው የወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅ (ቁጥር 760) ልደት በ90 ቀን ውስጥ እንዲመዘገብ ያዛል። ሥራው የአንድ ማታ ሥራ ነው፤ ቢሆንም ለመጨረሻዋ ቀን አታቆዩት።

1. ፊደሉን ለዩ

ዛሬ ሀ፣ ሐ እና ኀ በአፍ አንድ ሆነዋል። ሰ እና ሠ፣ አ እና ዐ፣ ጸ እና ፀ እንደዚያው። በግእዝ ግን እያንዳንዱ የየራሱ ቃል አለው። ስልክ ላይ ስንጽፍ የቀረበንን እንነካለን፤ ትርጉሙ የሚጠፋውም እዚያ ላይ ነው።

«ሠረቀ ብርሃን» የሚለውን ስም እንይ። በግእዝ «ሠረቀ» በንጉሡ ሠ ሲጻፍ ወጣ፣ በራ ማለት ነው፤ ለፀሐይ መውጣት የሚነገር ቃል ነው። «ምሥራቅ»ም ከዚሁ ሥር የመጣ ነው፤ የፀሐይ መውጫ። ስሙ እንግዲህ «ብርሃን ወጣ» ይላል። በእሳቱ ሰ ከጻፋችሁት ግን «ሰረቀ» ያው የምናውቀው ስርቆት ነው። ልጁ ብርሃን የሰረቀ ሌባ ሆነ ማለት ነው። በአንዲት ፊደል።

«መሐሪ»ም እንዲሁ ነው። በሐመሩ ሐ «መሐረ» ራራ፣ ይቅር አለ ነው፤ «ምሕረት» የመጣው ከዚያ ነው። በሃሌታው ሀ «መሀረ» ደግሞ አስተማረ ነው፤ «መምህር» የእሱ ዘመድ ነው። ስሙን የሰጡት ይቅር ባይነትን አስበው ከሆነ በሐ ይጻፍ።

እንግዲህ የመጀመሪያው ሥራችሁ ስሙን በወረቀት ላይ በሚቻለው አጻጻፍ ሁሉ መደርደር ነው። ሐና፣ ሀና፣ ኀና። ከዚያ የትኛው ትክክል እንደሆነ የሚነግራችሁ ቋንቋው ነው።

እግረ መንገዳችሁን ድምፁንም ስሙት። ፊደላችን መጥበቅና መላላትን አያሳይም። «በላቸው» ላ ላልቶ ሲነበብ «በል» ከሚለው ትእዛዝ የመጣ የጀግና ስም ነው። ላ ከጠበቀ ሰዎቹን ቅርጥፍ አድርጎ የበላቸው ሰው ይሆናል። ስሙን በጽሑፍ ብቻ ያየ የውጭ አገር ዝርዝር አዘጋጅ ሁለቱን የሚለይበት መንገድ የለውም። ስለዚህ ስሙን ከሚጠራበት ሰው አፍ ስሙት።

2. ቋንቋውን ያዙ

እኛ ዘንድ የሚወጡ ስሞች ከብዙ ቋንቋ ይመጣሉ። ከአማርኛ፣ ከግእዝ፣ ከዕብራይስጥ፣ ከግሪክ፣ ከዐረብኛ፣ ከኦሮምኛ፣ ከትግርኛ፣ ሌላም አለ። ከየትኛው እንደመጣ የሚያሳብቁ ምልክቶች አሉ።

በ«ኤል» የሚጨርስ አብዛኛውን ጊዜ ዕብራይስጥ ነው፤ «ኤል» አምላክ ነው። ሚካኤል «እንደ አምላክ ያለ ማን ነው?»፣ ሩፋኤል «አምላክ ፈወሰ»፣ ናትናኤል «አምላክ ሰጠ»። በ«ዮ» የሚጀምሩና በ«ያ» ወይም በ«ያስ» የሚጨርሱ የመጽሐፍ ቅዱስ ስሞች ብዙዎቹ የእግዚአብሔርን የዕብራይስጥ ስም በውስጣቸው ይዘዋል፤ ዮናታን፣ ኢሳይያስ፣ ዘካርያስ። መጨረሻ ላይ ያለችው «ስ» ግን የዕብራይስጥ አይደለችም። የግሪክ ናት። ስሞቹ ወደ እኛ ሲመጡ በግሪክ በኩል ስላለፉ ጅራቷን ይዘው ቀሩ። «ኤርምያስ»ን በዕብራይስጥ መዝገብ ስትፈልጉ ያቺን «ስ» ቁረጧት።

«የእግዚአብሔር ስጦታ» የሚለው ትርጉም ሲመጣ ደግሞ ዝም ብላችሁ አትለፉት። ማቴዎስና ዮናታን ከዕብራይስጥ ናቸው፤ ቴዎድሮስ ከግሪክ ነው፤ «ቴዎስ» አምላክ፣ «ዶሮን» ስጦታ። እነዚህ እውነት ናቸው። እኛም የራሳችን አለን። በግእዝ «ሀብት» የመጣው «ወሀበ»፣ ሰጠ፣ ከሚለው ነው። ስለዚህ «ሀብተ ማርያም» የማርያም ስጦታ ነው እንጂ የማርያም ገንዘብ አይደለም። ከነዚህ ዓይነቶቹ ውጭ የሆነ ስም «ስጦታ» ነው ሲባል፣ ስጦታ የሚለው ቃል የትኛው ክፍሉ ላይ እንዳለ ጠይቁ። መልስ ከሌለ ትርጉሙ ከዝርዝር የተቀዳ ነው።

ግእዝን የሚያሳብቁት ገብረ፣ ወልደ፣ ወለተ፣ አመተ፣ ተክለ፣ ኃይለ የሚሉት ናቸው። እነዚህ ግማሽ ስሞች ናቸው፤ ሌላ ቃል ካልተከተላቸው አይሞሉም። «ኃይሌ» ወይም «ተክሌ» ብቻውን ሲፈለግ ትርጉሙ የሚጎድለው ለዚህ ነው፤ መጀመሪያ የተቆረጠውን ክፍል ጠይቁ። በትግርኛ ደግሞ «ወለተ» አጥሮ «ለተ» ይሆናል። «ለተብርሃን» የብርሃን ልጅ ናት። አማርኛ ብቻ የሚያውቅ ሰው ሊፈታው ቢሞክር ይቸገራል።

ኦሮምኛ ስሞች በአማርኛ ፊደል ሲጻፉ የአናባቢው ርዝመትና የሚጠብቀው ድምፅ ይጠፋል። የቁቤውን (ኦሮምኛ የሚጻፍበትን የላቲን ፊደል) አጻጻፍ ከቤተሰቡ ጠይቃችሁ ያዙ። ጫላ እና ጫልቱ «መብለጥ» ከሚል ግሥ፣ ደራርቱ «ማበብ» ከሚል ግሥ ናቸው። ደራርቱና አበበች በሁለት ቋንቋ የአንድ ሐሳብ ስሞች ናቸው፤ ይሄን የሚያሳይ የስም ዝርዝር ግን ስንቱ ነው?

ዐረብኛ ላይ ሥሩን ፈልጉ። ሙሐመድ፣ አሕመድ፣ ማሕሙድ፣ ሓሚድ ሁሉም ከአንድ የሦስት ፊደል ሥር ናቸው፤ ሐ፣ መ፣ ደ፣ ምስጋና። ችግሩ እዚህም አጻጻፍ ነው። «አሚና» ብለን የምንጽፈው በዐረብኛ ሁለት ስም ሊሆን ይችላል። መጀመሪያው ተስቦ ሲነገር «ሰላም ያገኘች፣ ከፍርሃት የዳነች» ነው፤ የነቢዩ እናት ስም ይሄኛው ነው። «ሚ» ላይ ሲሳብ ደግሞ «ታማኝ» ነው። ቁርኣን የቀራ ሰው ስሙን በዐረብኛ እንዲጽፍላችሁ ጠይቁት። በደቂቃ ያልቃል።

አሁን ወደ ሐና እንመለስ። በዕብራይስጥ በጉሮሮው ሐ ነው፤ ሞገስ፣ ጸጋ። «ዮሐንስ» መሐል ላይ ያለው ሐ እና ነ የዚሁ ሥር ነው። የዐረብኛው «ሐናን»ም ርኅራኄ ማለት ሆኖ ከዚያው ቤተሰብ ነው። ነገር ግን በሃሌታው ሀ የሚነገር ሌላ የዐረብኛ ስም አለ፤ «ሀናእ»፣ ደስታ። ስለዚህ ሙስሊም ቤተሰብ «ሀና» ሲል እና ክርስቲያን ቤተሰብ «ሐና» ሲል ሁለት የተለያየ ስም እየጠሩ ሊሆን ይችላል። ሁለቱም ትክክል ናቸው። የሚሳሳተው ሁለቱን አንድ ያደረገው ዝርዝር ነው።

3. መዝገበ ቃላት ክፈቱ

ለግእዝ የኪዳነ ወልድ ክፍሌ መዝገበ ቃላት አለ፤ በ1948 ዓ.ም. የታተመው። ለአማርኛ የደስታ ተክለ ወልድ፣ በ1962 ዓ.ም. የታተመው። አንድ ነገር ልንገራችሁ፦ ሁለቱም በሀ ሁ አይሄዱም፤ በአበገደ ነው የሚሄዱት። አ፣ በ፣ ገ፣ ደ፣ ከዚያ ሀ። ይሄን የማያውቅ ሰው መጽሐፉን ከፍቶ «ቃሉ የለም» ብሎ ይዘጋዋል። ቃሉንም በሥሩ ፈልጉት፤ «መሐሪ»ን «መሐረ» ሥር፣ «ምሥራቅ»ን «ሠረቀ» ሥር። እንግሊዝኛ ለሚቀላቸው የወልፍ ሌስላው የግእዝ መዝገበ ቃላት (እ.ኤ.አ. 1987) ግእዙን ከዕብራይስጥና ከዐረብኛ ጋር እያመሳከረ ስለሚያሳይ ለስም ፍለጋ ይመቻል። መጻሕፍቱ ቤታችሁ ከሌሉ ቤተ መጻሕፍት ሂዱ፤ ውጭ ያላችሁም የኢትዮጵያ ጥናት ያለበት ዩኒቨርሲቲ አቅራቢያችሁ ካለ እዚያ ጠይቁ።

ቃሉ መዝገቡ ላይ ከሌለ በችኮላ «ጥንታዊ ስም ነው» አትበሉ። ከአባትና ከእናት ስም ተቀጥሎ የተሠራ ስም ሊሆን ይችላል፤ ለጆሮ ደስ ስላለ ብቻ የተፈጠረም አለ። ይሄ ነውር አይደለም። ነውሩ የራስን ፈጠራ «በዕብራይስጥ» ብሎ ማቅረቡ ነው።

4. ለልምምድ፦ ፌቨን

ፌቨንን ብዙ ዝርዝር «የኢትዮጵያ ስም» ብሎ ያልፈዋል። እኛ አገር የተለመደ ስለሆነ ስህተት ነው ማለት አይቻልም፤ ግን መነሻው እዚህ አይደለም።

በግእዝ ሥሩን ስትፈልጉ የሚያዛልቅ ነገር አይገኝም። ይሄ ራሱ ፍንጭ ነው። ቀጥሎ መጽሐፍ ቅዱስ። ሮሜ 16፥1 ላይ ጳውሎስ በክንክራኦስ ቤተ ክርስቲያን የምታገለግል አንዲት እኅት አደራ ይላል። አማርኛው «ፌቤን» ይላታል። እንግሊዝኛው ላይ ያቺው ሴት «ፊቢ» ናት። ታዲያ የእኛዋ «ን» ከየት መጣች?

ከሰዋስው። በግሪክ ስም ተሳቢ ሲሆን መጨረሻው ይለወጣል። ሴትዮዋ በመነሻ ስሟ «ፎይቤ» ናት፤ ጳውሎስ «ፎይቤን አደራ» ሲል ግን «ፎይቤን» ሆነች። የአማርኛው ተሳቢም በ«ን» ነው። ተርጓሚው የግሪኩን ን የስሙ አካል አድርጎ ወሰደና የአማርኛውን ን ደገመበት፤ «ፌቤንን»። «ቤ» ወደ «ቨ» የሄደበትም ምክንያት አለው፤ ያቺ የግሪክ ፊደል በኋለኛው ዘመን የምትነበበው እንደ ቨ ነው።

አሁን ትርጉሙ። በግሪክ ቃሉ «ብሩህ፣ የምታበራ» ማለት ነው። ከክርስትና በፊትም የነበረ ስም ነው፤ በግሪኮች ተረት የአፖሎ አያት ስም ነው። እንግዲህ «ብሩህ» ያለው ዝርዝር ትርጉሙን አግኝቷል፤ መነሻውን ግን ስቷል። እንዲህ ዓይነቱ ግማሽ ትክክል ብዙ ነው። ትርጉም እና መነሻ ሁለት ጥያቄ ስለሆኑ ለየብቻ አጣሩ።

5. ቃሉ፣ ባለስሙ እና ትርጓሜው

አንዳንድ ትርጉም ሲጣራ ደስ አይልም። ኸዲጃ በዐረብኛ ጊዜዋ ሳይደርስ የተወለደች ማለት ነው። ጳውሎስ በላቲን ትንሽ ነው። ገላውዴዎስ፣ ከ1540 እስከ 1559 እ.ኤ.አ. የነገሠው ንጉሣችን፣ ስሙ የላቲኑ ክላውዲዎስ ነው፤ ሥሩ «አንካሳ» ከሚል ቃል ነው። ካሌብ የዕብራይስጡ «ውሻ» ከሚለው ቃል ጋር ይቀራረባል፤ ብዙ ዝርዝር ይሄንን ዘሎ «ታማኝ» ብቻ ይላል። የግእዙ «ከልብ»ም ውሻ መሆኑን አትርሱ።

ታዲያ ልጄን ካሌብ አልበለው? ለምን አትሉትም! ስሙን የሰጠነው ለቃሉ ሳይሆን ለባለስሙ ነው። ኸዲጃ የነቢዩ የመጀመሪያ ሚስት ናት፤ ካሌብ የአክሱም ንጉሥ ነው። ዝም ብላችሁ ሁለቱን ለይታችሁ ያዙ፤ የቃሉ ፍቺ ይሄ፣ የተሰየመው በእከሌ ስም።

መጽሐፍ ቅዱስ ራሱ የሚሰጣቸው ፍቺዎችም አሉ። ይስሐቅ ከሣቅ፣ ያዕቆብ ከተረከዝ ጋር ተያይዘው ዘፍጥረት ላይ ተጽፈዋል። ዘጸአት 2፥10 ሙሴን «ከውኃ አውጥቼዋለሁና» ትላለች የፈርዖን ልጅ። ብዙ የቋንቋ አጥኚዎች ደግሞ ቱትሞስ በሚለው የፈርዖን ስም ውስጥ ካለው፣ «የተወለደ» ከሚል የግብፅ ቃል ያገናኙታል። ልታወዳድሯቸው አትግቡ። አንዱ የታሪኩ ፍቺ ነው፤ ሌላው የቃሉ መነሻ። የቤተ ክርስቲያን ሊቃውንት «ማርያም»ን የሚያመሰጥሩበት መንገድም እንዲሁ የራሱ ሥርዓት አለው፤ መዝገበ ቃላት አይሽረውም፣ እሱም መዝገበ ቃላት አይደለም።

6. አያትን ስትጠይቁ

«ትርጉሙ ምንድን ነው?» አትበሏቸው። «ምትኩ ምን ማለት ነው?» ብትሏቸው «ምትክ ነዋ!» ነው መልሱ። ይልቅ እንዲህ በሉ፦ «እማማ፣ ስሙን ማን አወጣው? ያኔ ቤቱ ውስጥ ምን ነበር?» ያኔ ነው ነገሩ የሚወጣው። ካሳ፣ ምትኩ፣ ተካ፣ ማስረሻ ብዙ ጊዜ ከዚያ በፊት የሞተ ልጅ ወይም ዘመድ አለባቸው። ስንታየሁ ያየችውን መከራ የቆጠረች እናት አለችበት። ደምመላሽ ጠብ አለበት። የውጭው ዝርዝር «ካሳ፦ ክፍያ» ብሎ ይጽፋል። አልተሳሳተም፤ ግን ምን ነገራችሁ?

አንዳንዱ ስም ደግሞ ከአባት ስም ጋር ሲነበብ ነው የሚሞላው። አባቱ ይሁን የሚባል ሰው ልጁን «ሰላም» ካለ፣ ሐሳቡ «ሰላም ይሁን» ነው። የልጅቱን ስም ብቻ መፍታት ግማሽ ሥራ ነው።

ትልልቅ ሰዎችም ታሪክ ያሳምራሉ። ከሁለት ሰው ለየብቻ ጠይቁ፤ አንድ ላይ ካስቀመጣችኋቸው አንዱ ሌላውን ያጅባል።

7. ሰው ሠራሽ አስተውሎትን ከጠየቃችሁ

ጠይቁ፣ ችግር የለም። ግን መጀመሪያ ፈትኑት። ማንም ያልሰማውን ስም ራሳችሁ ፍጠሩ፤ «ዶርሚላት» በሉት። «የግእዝ ስም ነው፣ ትርጉሙን ንገረኝ» በሉ። «የንጋት ጠል» ብሎ በሙሉ ልብ ከመለሰላችሁ፣ ስለ እውነተኛው ስም የሚነግራችሁንም በዚያው ልክ መዝኑት። ሲመልስም «ሥሩን ጻፍልኝ፣ በየትኛው ፊደል?» በሉት። የጻፈውን ሥር መዝገቡ ላይ ራሳችሁ ፈልጉ።

በነገራችን ላይ፣ የአሜሪካ የማኅበራዊ ዋስትና መሥሪያ ቤት በየዓመቱ የሚያወጣው የሕፃናት ስም ዝርዝር ስንት ልጅ በዚያ ስም እንደተመዘገበ ብቻ ነው የሚናገረው። ትርጉም አይሰጥም። «በአሜሪካ መንግሥት መረጃ መሠረት ትርጉሙ...» የሚል ፖስት ካያችሁ እለፉት።

8. ጽፋችሁ ያዙ፣ ከዚያ አስመዝግቡ

ያገኛችሁትን አራት አምስት መስመር አድርጋችሁ ጻፉ፦ ትክክለኛ አጻጻፍ፣ ቋንቋ፣ ሥርና ፍቺ፣ የተሰየመው በማን ወይም ለምን፣ ማን አወጣው። ከእያንዳንዱ አጠገብ «መዝገብ ላይ ያየሁት»፣ «የሚያከራክር» ወይም «የቤተሰብ ወግ» ብላችሁ ምልክት አድርጉ። የሚያከራክረውን «የሚያከራክር» ብሎ መተው ችሎታ ማነስ አይደለም።

ክፍለ ከተማ ወይም ወረዳ ስትሄዱ ይሄንን ወረቀት ይዛችሁ ሂዱ። መዝጋቢው የለመደውን ፊደል ነው የሚጽፈው፤ «በሐመሩ ሐ ነው» ብላችሁ ንገሩ፣ ከመታተሙ በፊት ማያው ላይ አንብቡት። የእንግሊዝኛውን አጻጻፍ እናትና አባት አስቀድማችሁ ተስማሙና አንድ ብቻ ያዙ፤ ክትባት ካርዱ፣ የልደት ምስክር ወረቀቱና ፓስፖርቱ ሦስት ዓይነት ከሆኑ ኋላ ለማስተካከል ደጅ መጥናት አለ። ውጭ አገር የምትወልዱ ደግሞ ሆስፒታሉ ቅጹን ገና እዚያው ሳላችሁ ስለሚያመጣው አጻጻፉን ቀድማችሁ ጨርሱ። በላቲን ፊደል ሐ እና ሀ፣ ሠ እና ሰ አይለዩም፤ ስለዚህ የአማርኛውን ፊደል በልጁ የክትባት ደብተር ውስጠኛ ሽፋን ላይ ጻፉት።